ጥያቄና መልስ፦ የማይሰለች የፊልም ሙዚቃ

ጥያቄ፦ በህንዱ ፊልም «ዴቭ ዲ» ዋና ተዋንያኑ በሌሎች የህንድ ፊልሞች እንደለመድነው ብዙ አይዘፍኑም። ዘፈኖቹ ግን ከጆሮዬ አልወጡም። ለምን ይሆን? (ከፒያሳ)

መልስ፦ አሚት ትሪቬዲ ለዚህ የ2009 እ.ኤ.አ. ፊልም 18 ዘፈኖች አቀናብሮ የህንድን ብሔራዊ የፊልም ሽልማት ወስዷል፤ ይገባዋልም! «ኢሞሽናል አትያቻር»ን ልብ ብለው ይስሙ። ግጥሙ ልቡ የተሰበረ ሰው ስሞታ ነው፤ የሚጫወተው ግን የሠርግ ባንድ፣ ያውም በፍቅረኛው ሠርግ ላይ። ሐዘኑና ጭፈራው ስለሚጋጩ ዘፈኑ ቶሎ አይሰለችም። የዚሁ ዘፈን ሌላኛው ቅጂ ሮክ ነው። መጀመሪያ የባንዱን፣ ቀጥሎ የሮኩን በጆሮ ማዳመጫ ይስሟቸው። በስልክ ስፒከር ከሆነ ቤዙ (ወፍራሙ ድምፅ) ይጠፋና የትንፋሽ መሣሪያዎቹ ጩኸት ብቻ ይቀራል።