ናፍቆታችሁ ቁጥር ይኑረው

ውድ ልጆቼ፣

የልጅ ልጄ እናንተ በስልክ የምትቀባበሏቸውን የድሮ ባቡር ፎቶግራፎች አልፎ አልፎ ታሳየኛለች። የለገሃር ጣቢያ፣ በድሬዳዋ ግቢ የቆሙ ዝገት የበላቸው ሎኮሞቲቮች፣ በር የሌላቸው ፉርጎዎች፤ ከሥራቸውም «ወይ ያ ደግ ዘመን!» የሚል ጽሑፍ። ተሳፍራችሁበት የማታውቁትን ባቡር መውደዳችሁ ደስ ያሰኘኛል። ነገር ግን ሎኮሞቲቩን የትኛው ፋብሪካ እንደሠራው፣ ቁጥሩ ስንት እንደሆነ፣ ከየት ወዴት ምን ይጎትት እንደነበር የሚናገር አንድ ዓረፍተ ነገር ሳጣ እበሳጫለሁ። ዕድሜውን በብረትና በቅባት መካከል የጨረሰ መሐንዲስ ጠባዩ ይህ ነው፤ ታገሡኝ።

የእንፋሎት ባቡር የሚያምረው ከሩቅ ለሚያየው ነው። እኔ ድሬዳዋ ሳድግ የመጨረሻዎቹን አይቻቸዋለሁ። ሥራ ስይዝ ግን ዲዝል ቦታውን ወርሶ ስለነበር የእንፋሎቱን ጣጣ የተማርኩት ከቀደሙኝ ሠራተኞች አፍ ነው። እነሱ ደግሞ ሲያወሩት በናፍቆት አልነበረም። ሎኮሞቲቩ ማለዳ እንዲንቀሳቀስ እሳቱ ከሌሊት ጀምሮ መቀጣጠል አለበት፤ የቀዘቀዘ ቦይለር (ውኃው የሚፈላበት የብረት ጋን) በጥድፊያ ከሞቀ ብረቱ እኩል ስለማይለጠጥ ይጎዳል። ጉዞ ከተጀመረ በኋላ የእሳት ለኳሹ ዓይን ከውኃ መለኪያው መስታወት አይነቀልም። ውኃው ከእሳት ሳጥኑ ጣሪያ በታች ከወረደ ጣሪያው ግሎ ይለሰልሳል፤ የታመቀው እንፋሎትም ይደረምሰዋል። ያን ጊዜ በነጂውና በለኳሹ ላይ የሚደርሰውን አልነግራችሁም።

ውኃውም ራሱ ጠላት ነበር። ከጅቡቲ ወደ አዋሽ የሚወጣው መስመር የሚያቋርጠው ደረቅ ቆላ ነው፤ የተገኘው ውኃ ደግሞ ማዕድን የበዛበት ሲሆን በቦይለሩ ውስጥ ሲፈላ በሻይ ማንቆርቆሪያ ውስጥ እንደምታዩት ያለ ነጭ ቅርፊት ይጋግራል። ቅርፊቱ ሙቀት ስለማያሳልፍ ነዳጅ ይባክናል፣ ቱቦዎቹም ይቃጠላሉ። ስለዚህ ቦይለሩ በየጊዜው መቀዝቀዝ፣ መከፈት፣ መታጠብና መፋቅ ነበረበት። በድሬዳዋ ሙቀት ያንን ቅርፊት ሲፍቅ የዋለ ሰው ስለ ጭሱ ውበት ግጥም አይገጥምም።

ታዲያ ለምን እንወደዋለን? በእኔ አስተያየት ምክንያቱ ሁሉም ነገር በግልጽ መታየቱ ነው። እሳቱ ይታያል፣ ፒስተኑ ወዲያና ወዲህ ሲል ይታያል፣ ዘንጉ መንኮራኩሩን ሲያዞር ይታያል። ሁለት ሲሊንደር ያለው ሎኮሞቲቭ መንኮራኩሩ አንድ ጊዜ ሲዞር አራት ጊዜ ይተነፍሳል፤ ጆሮ የሰጠ ልጅ ትንፋሹን ቆጥሮ ፍጥነቱን መገመት ይችላል። የዛሬው ሞተር ግን በሽፋን ተዘግቶ ከኮምፒውተር ጋር ብቻ ይነጋገራል። እናንተ ከዚያኛው ልትወርሱ የሚገባችሁ ጭሱን ሳይሆን እያዩና እየሰሙ የመረዳትን ልማድ ነው።

ወጣት ሳለሁ ያሠለጠኑኝ አንድ አዛውንት ነበሩ። ባቡሩ ጣቢያ ሲቆም ረጅም እጀታ ያለው መዶሻ ይዘው ከፉርጎ ፉርጎ እየተራመዱ እያንዳንዱን መንኮራኩር ይመቱ ነበር። ደህናው እንደ ቃጭል ጥርት ብሎ ይጮኻል፤ የተሰነጠቀው ድምፁ ይታፈናል። ተሳፋሪው በመስኮት ብርቱካን ሲገዛ፣ ነጋዴዎች ጓዛቸውን ሲያሸጋግሩ፣ ልጆች ሲያለቅሱ እሳቸው ከዚያ ሁሉ ጫጫታ መካከል የሚፈልጉትን ድምፅ ብቻ ይለዩ ነበር። አንድ ቀን መትተው ቆሙ፣ ደግመው መቱ፣ ከዚያ በኖራ ምልክት አድርገው ቁጥሩን ከደረት ኪሳቸው ባወጡት ደብተር ላይ ጻፉ። እኔ ምንም ልዩነት አልሰማሁም ነበር። «መጀመሪያ መቶ ደህና መንኮራኩር ስማ፤ የታመመው ያኔ ራሱ ይነግርሃል» አሉኝ።

ያ ደብተር ትዝ የሚለኝ በኋላ እንግሊዝ አገር ባየሁት ነገር ምክንያት ነው። ለትምህርት ማንችስተር በነበርኩበት ጊዜ የእንግሊዝ ምድር ባቡር የእንፋሎት ሎኮሞቲቮቹን ጠራርጎ ወደ ቁርጥራጭ ብረት ነጋዴ እየላከ ነበር፤ የመጨረሻው ጉዞ የተደረገው እ.ኤ.አ. ነሐሴ 11 ቀን 1968 ነው። በጣቢያው ጫፍ ላይ አጭር ሱሪ የለበሱ ልጆች ደብተርና እርሳስ ይዘው በብርድ ይቆማሉ። ባቡር ሲያልፍ የሎኮሞቲቩን ቁጥር ይጽፋሉ፤ ከዚያ የሚቀጥለውን ይጠብቃሉ። መጀመሪያ ሳያቸው ሥራ የፈቱ መስለውኝ ስቄያለሁ፤ አገሬው ራሱም ይስቅባቸው ነበር። ልማዱን ያስፋፋው ኢያን አለን የተባለ ወጣት የባቡር ኩባንያ ጸሐፊ ነው። ስለ ሎኮሞቲቮች የሚጠይቁ ደብዳቤዎችን መመለስ ሲሰለቸው እ.ኤ.አ. በ1942 ቁጥሮቹን በትንሽ መጽሐፍ አሳትሞ መሸጥ ጀመረ፤ ልጆቹም ያዩትን ቁጥር ከሥሩ እያሰመሩ ያድጉ ነበር።

ልብ በሉ፤ እነዚያ ልጆች የጻፉት ስለ ድሮ አልነበረም። በዓይናቸው ፊት የሚያልፈውን፣ ማንም ከቁም ነገር ያልቆጠረውን የዕለቱን ባቡር ነው የመዘገቡት። ባቡሩ ሲጠፋ መዝገቡ ቀረ። በደቡብ ዌልስ ባሪ በተባለች የወደብ ከተማ አንድ የቁርጥራጭ ብረት ነጋዴ ፉርጎዎችን መቁረጥ ስላስቀደመ ሎኮሞቲቮቹ ለዓመታት ቆመው ነበር፤ አፍቃሪዎቻቸው ገንዘብ እያዋጡ ከ200 በላይ የሚሆኑትን ገዝተው አዳኗቸው። ከዚህም የሚብስ አለ። «ኤ1» የተባሉት 49 ፈጣን ሎኮሞቲቮች አንድ ሳይቀር ተቆርጠው አልቀው ነበር፤ ይሁንና አብዛኛው የንድፍ ወረቀት በዮርክ የባቡር ሙዚየም ተቀምጦ ስለተገኘ ወዳጆቻቸው እ.ኤ.አ. በ2008 ሃምሳኛውን አዲስ ሠርተው በሀዲድ ላይ አስሄዱት። የመጨረሻው ወንድሙ 60162 ነበረና እሱን 60163 አሉት። ወረቀት ብረት ሲወልድ ያየሁት በዚህ ነው።

በአፍሪካም ይህን የመሰለ አለ። ከምጽዋ አስመራ 118 ኪሎ ሜትር ብቻ ነው፤ በዚያ ርቀት ግን ባቡሩ ከባሕር ጠለል ተነስቶ ከ2,300 ሜትር በላይ ይወጣል። መስመሩ በጦርነቱ ፈርሶ ሀዲዱ ለምሽግ ውሏል። ጥገናው እ.ኤ.አ. በ1990ዎቹ ሲጀመር የተጠሩት ጡረታ የወጡ አዛውንቶች ነበሩ፤ እ.ኤ.አ. በ1938 የተሠሩትን የአንሳልዶ ሎኮሞቲቮች እንዴት እንደሚፈቱና እንደሚገጥሙ የሚያውቁት እነሱ ነበሩና። አሥር ዓመት ዘግይቶ ቢሆን ኖሮ የሚጠራ ሰው ላይገኝ ይችል ነበር።

ወደ እኛው ልመለስ። አፄ ምኒልክ በ1886 ዓ.ም. ለስዊዙ መሐንዲስ ለአልፍሬድ ኢልግ የባቡር መስመር ፈቃድ ከሰጡ በኋላ ሥራው በ1890 ከጅቡቲ ተጀምሮ በ1895 ድሬዳዋ፣ በ1909 አዲስ አበባ ደረሰ። ስፋቱ አንድ ሜትር፣ ርዝመቱ 784 ኪሎ ሜትር። ሐረር ተራራ ላይ በመሆኗ ሀዲዱ በግርጌዋ አለፈ፤ ድሬዳዋም በዚያ ምክንያት ከተማ ሆነች። ይህን ሁላችሁም ታውቁታላችሁ፤ በየመጽሐፉ አለ። የማይገኘው የትኛው ሎኮሞቲቭ የት ጣቢያ ውኃ ይሞላ እንደነበር፣ መንኮራኩሩ እንዳይንሸራተት የትኛው አቀበት ላይ አሸዋ ይነሰነስ እንደነበር፣ ማን ምን ጠግኖ እንዳዳነ ነው። አንድ ጊዜ ድሬዳዋ ኦቾሎኒ ስገዛ የተጠቀለለበት ወረቀት በፈረንሳይኛ የተሞላ የጥገና ሠንጠረዥ ሆኖ አገኘሁት። ቀን፣ የሎኮሞቲቭ ቁጥር፣ የተለወጠ ዕቃ፣ ፊርማ። ስሙን የማልጠራው አንድ መጋዘን «ሲጸዳ» የተጣለ መሆኑን ሻጯ ነገረችኝ። የቀራትን ወረቀት በሙሉ ከኦቾሎኒው ዋጋ በላይ ከፍዬ ገዛኋት፤ በሌላ ቀን ሄጄ ስጠይቅ የፊተኛው ክምር ከእኔ በፊት ተበልቶበታል።

እንግዲህ ምክሬ ይህ ነው። ናፍቆታችሁን ወደ ትናንት ብቻ አትላኩት። ከለቡ ተነስቶ በምሥራቅ የሚወርደው የኤሌክትሪክ ባቡር በ2010 ዓ.ም. መደበኛ ሥራ ጀምሯል፤ ለእናንተ ገና አዲስ ነው፤ ለልጆቻችሁ ግን እንደ እኛው እንፋሎት የድሮ ነገር ይሆናል። ዛሬ እዚያ የምትሠሩ ወጣቶች ምን ተበላሸ፣ በምን ተጠገነ፣ በየትኛው ወቅት የትኛው ቦታ አስቸገረ ብላችሁ ለራሳችሁ ጻፉ። ነርሷም፣ የኤሌክትሪክ ሠራተኛውም፣ ፕሮግራም የሚጽፈውም እንዲሁ ያድርጉ። የመሥሪያ ቤት ሪፖርት አይተካውም፤ ሪፖርት የሚጻፈው አለቃን ለማስደሰት ነው። ፎቶግራፍም ቢሆን ከሥሩ ቀንና ቦታ ከሌለው የግድግዳ ጌጥ ነው። (ደግሞም በየጣቢያው ካሜራ ስታወጡ የሚቆጣ ጥበቃ አይጠፋም፤ እርሳስ ይዞ የተቆጣ ግን አላየሁም።)

ድሬዳዋ የምትሄዱ ከሆነ መጀመሪያ ወደ ዝገቱ አትሩጡ። ከዚራ በተባለው ሰፈር በዛፍ ጥላ ሥር ቡና የሚጠጡ፣ ምድር ባቡር የሠሩ ሽማግሌዎች ዛሬም አሉ። «ዘመኑ እንዴት ነበር?» ብላችሁ አትጠይቋቸው፤ «ደግ ነበር» ይሏችኋልና ወሬው በዚያው ያልቃል። በየትኛው ክፍል እንደሠሩ፣ መጀመሪያ የተሰጣቸው መሣሪያ ምን እንደነበር፣ ከሚኤሶ ወደ አዋሽ ሲመጡ የትኛው ኩርባ ያስፈራቸው እንደነበር ጠይቁ። ስም ሲጠሩ የአባትን ስም፣ ዘመን ሲጠሩ ዓመቱን ጠይቁ። ቁጥር ሲነግሯችሁ ጽፋችሁ መልሳችሁ አንብቡላቸው፤ የተሳሳተ ቁጥር ሰምቶ ዝም የሚል የባቡር ሰው እስካሁን አላጋጠመኝም።