የስፔን ካሊፎርኒያ የምሽግ መኮንን፦ ጥያቄና መልስ

(ዓመተ ምሕረቱ፣ ወሩና ቀኑ ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ነው።)

ጥያቄ፦ ተራ ወታደር ሆኖ የገባ ሰው የምሽግ አዛዥ መሆን ይችል ነበር?

መልስ፦ ማንበብና መጻፍ ካወቀ፣ አዎ። ሆሴ ፍራንሲስኮ ኦርቴጋ በ1755 በባሃ ካሊፎርኒያ ሎሬቶ ላይ ተቀጠረ። በ1769 ስፔን ካሊፎርኒያን ለመያዝ በላከችው የፖርቶላ ዘመቻ ሃምሳ አለቃ ሆኖ ቃፊሮቹን መራ። ከዚያ በመቶ አለቅነት የሳን ዲዬጎን ምሽግ አዘዘ፤ በ1782 የሳንታ ባርባራ ምሽግ ሲቆረቆር የመጀመሪያው አዛዥ ሆነ።

ጥያቄ፦ ትጥቃቸውስ?

መልስ፦ ፍላጻ እንዳይበሳው ተደራርቦ የተሰፋ እጅጌ የለሽ የቆዳ ካፖርት፣ ጋሻ፣ ጦር፣ ሰይፍ፣ ጠመንጃ። የ1772ቱ ደንብ ለአንድ ወታደር 6 ፈረስ፣ 1 ውርንጭላና 1 በቅሎ ያዛል። አንዱ ፈረስ ቀንም ሌትም ታስሮ፣ ኮርቻው አጠገቡ ይቀመጣል።

ጥያቄ፦ ምሽጉ እያለ የሳን ዲዬጎ ሚሲዮን (የመነኮሳቱ የስብከት ሰፈር) በ1775 እንዴት ተቃጠለ?

መልስ፦ ስለራቀ ነው። ወታደሮቹ የአገሬውን ሴቶች ስለሚደፍሩ መነኮሳቱ በ1774 ሚሲዮኑን ከምሽጉ 10 ኪሎ ሜትር ያህል አርቀው ተከሉት። የተመደበለት ዘብ ከጥቂት ሰው አይበልጥም። ኦርቴጋም በጥቅምት መጨረሻ ሳን ሁዋን ካፒስትራኖን ለመመሥረት ወታደር ይዞ ወጥቶ ነበር። በኅዳር 5 ሌሊት የአገሩ ነባር ሕዝብ ኩምያዮች ሚሲዮኑን መቱ፤ አባ ሉዊስ ሃይሜ ተገደሉ። ኦርቴጋ ወሬው ሲደርሰው የአዲሱን ሚሲዮን ደወሎች አስቀብሮ ተመለሰ። ስፔኖች «አመፅ» ቢሉትም፣ ኩምያዮች የተነሡት በገዛ መሬታቸው ላይ ነው።

ጥያቄ፦ መኮንኖቹን ከመነኮሳቱ ጋር የሚያጣላቸው ምንድን ነው?

መልስ፦ የሚሲዮኑ ዘብ አንድ አስር አለቃና አምስት ያህል ወታደር ነው፤ ውሎው ከመነኮሳቱ ጋር፣ አለቃው ግን ምሽግ። መነኮሳቱ ከሚሲዮኑ የኮበለለ የተጠመቀ አገሬው ይመለስልን ሲሉ አዛዡ ሰው የለኝም ይላል። መነኩሴ ዋዛ አልነበረም፦ አባ ሁኒፔሮ ሴራ በ1773 ሜክሲኮ ከተማ ድረስ ሄደው ከስሰው ፔድሮ ፋሄስን ከአዛዥነት አስነሡ። እሱን የተካው አዛዥ ሪቬራ ኢ ሞንካዳም በ1776 ቤተ ክርስቲያን የተጠጋን ሰው በግድ ስላወጣ ተወገዘ። ፋሄስ ግን በ1782 ገዢ ሆኖ ተመለሰ!

ጥያቄ፦ ደመወዝ እያላቸው የብዙ መኮንኖች ዕዳ ከየት መጣ?

መልስ፦ ከመዝገቡ። ዕቃው ከሜክሲኮው የሳን ብላስ ወደብ በመርከብ ይመጣል፤ ለወታደሩ በደመወዙ ሒሳብ ይታደላል። መዝገቡን የሚይዘው ጓዶቹ የመረጡት መኮንን ነው፤ የጎደለው ከራሱ ደመወዝ ይቆረጣል። ጎበዝ ፈረሰኛ ሁሉ ጎበዝ ሒሳብ ያዥ አይደለም፤ ከቀስት ይልቅ ይህ ያቃወሳቸው ብዙ ናቸው።

ጥያቄ፦ ጡረታ ሲወጡስ?

መልስ፦ ዕድለኛው የግጦሽ መሬት ያገኛል። የኦርቴጋ ቤተሰብ ከሳንታ ባርባራ በስተምዕራብ ሬፉሂዮ የተባለውን የግጦሽ መሬት ያዘ፤ እሱ በ1798 ሞተ።