ልጅን በገመድ ዳገት ማውጣት

ጥያቄ፦ የ7 ዓመት ልጄ በሐዋሳ ሜዳማ ጎዳናዎች ብስክሌት በሚገባ ትነዳለች፤ ወደ ታቦር ተራራ ስንወጣ ግን ቶሎ ይደክማትና ወርዳ ትገፋለች። ከእኔ ብስክሌት ጋር በገመድ አስሬ ብጎትታት አደጋ ይኖረው ይሆን?
አንድ አባት፣ ከሐዋሳ

መልስ፦ ጠያቂያችን፣ አደጋው ከመጎተቱ ይልቅ ከገመዱ ዓይነትና ከአስተሳሰሩ የሚመጣ ነው። ተራ ገመድ እምብዛም ስለማይለጠጥ እርስዎ ፔዳሉን በረገጡ ቁጥር ልጅዎን በድንገት ይነጥቃታል፤ ስለዚህ ለዚሁ ተብሎ የተሠራ የሚለጠጥ ገመድ ይመረጣል፤ እርሱ ከጠፋም ያልተሰነጣጠቀ አሮጌ ከመነዳሪ ለቀስታ ጉተታ ያገለግላል።

አንዱን ጫፍ ከመቀመጫዎ ሥር ባለው ብረት ላይ ያጥብቁ። ሌላውን ጫፍ ግን በቋጠሮ አያስሩት፤ በልጅዎ ብስክሌት መሪ መካከል፣ መሪውን የፊት ጎማውን ከያዘው ሹካ ጋር በሚያገናኘው ብረት ላይ፣ በአንድ እጅ ሊወልቅ በሚችል ቀለበት ያጥልቁት። ወደ አንዱ እጀታ ተጠግቶ የታሰረ ገመድ መሪውን ወደዚያው ጎን ይጠመዝዘዋል። ገመዱ ሲረግብ ደግሞ የፊት ጎማዋ ውስጥ ሊጠመጠም ስለሚችል፣ ፍጥነትዎን ሳይቆራርጡ ይንዱ፤ ከመቆምዎ በፊትም ድምፅ ያሰሙ።

ጉተታው ለዳገት ብቻ ነው። ቁልቁለቱ ሳይጀምር ቆመው ገመዱን ይፍቱ፤ እርስዎ ፍሬን ቢይዙና እርሷ ለመያዝ ብትዘገይ ከኋላ ጎማዎ ጋር ትጋጫለችና። ባጃጅ በሚተራመስበት አስፋልት ላይ ግን፣ በእኛ እምነት፣ ፈጽሞ አይሞከርም፤ እስከ ተራራው ግርጌ ገመዱ በቦርሳዎ ይቆይ።