«ሮክ ሰምተው ለማያውቁ የትኛውን የኮንሰርት ፊልም ላሳይ?» ላልሽው

ሰላም እህቴ። «ደብረ ብርሃን ላይ ሮክ ሰምተው የማያውቁ 30 ምናምን ልጆች ሰብስቤ የኮንሰርት ፊልም ላሳይ ነው፤ የቱን ልምረጥ፣ ምን ላዘጋጅ?» ብለሻል። እኔ እዚሁ ከተማ ሁለቴ ሞክሬዋለሁ። አንዱ ከሽፏል።

ከከሸፈው ልጀምር። ያመጣሁት ስታዲየም ሙሉ ሕዝብ የሚጮህበትን ፊልም ነበር። ጩኸቱ የኛንም ልጆች ያነቃቃቸዋል ብዬ ነዋ። ጭራሽ! ስክሪኑ ላይ ሰው ያብዳል፣ የኛዎቹ ጋቢያቸውን ተከናንበው ዝም። ሳይጠሩት ሰርግ ቤት የገባ ሰው ነው የመሰሉት። ግማሹ ሳያልቅ ወጣ።

በሁለተኛው ፒንክ ፍሎይድ የሚባሉት የእንግሊዝ ሮክ ባንድ ፖምፔ ላይ የተጫወቱበትን ፊልም አመጣሁ። አንቺም እሱን አሳያቸው። ተመልካች የለበትም። እ.ኤ.አ. በጥቅምት 1971 አራቱ ሙዚቀኞች ጣሊያን ሄዱ። ፖምፔ እ.ኤ.አ. በ79 የቬሱቪየስ እሳተ ገሞራ በአመድ የቀበራት ከተማ ናት። እዚያ ካለው ጥንታዊ ሞላላ ስታዲየም መሃል፣ አቧራው ላይ፣ መሣሪያቸውን ዘረጉና ለባዶ ድንጋይ ተጫወቱ። ዳይሬክተሩ አድሪያን ሜበን ሐሳቡ የመጣለት የጠፋ ፓስፖርቱን ሲፈልግ አመሻሽ ላይ ወደ ፍርስራሹ ተመልሶ ነው ይባላል። ጸጥታው ያዘው።

የሚጮህ ሰው ከሌለ ዓይን የሚሄደው እጅ ላይ ነው። ማሲንቆ የሚመታ ሰው ፊት ስንቀመጥ ጣቱን አይደል የምናየው? እንደዚያ ነው። «ዋን ኦፍ ዚዝ ዴይስ» የሚለው ሙዚቃቸው ላይ ካሜራው ከከበሮ መቺው ከኒክ ሜሰን አይነቀልም ማለት ይቻላል። መሃል ላይ ዱላው ከእጁ ታመልጠዋለች። ወዲያው ሌላ መዞ ይቀጥላል። አዳራሹ ባንድ አፍ «እንዴ!» አለ። ከዚያ በኋላ የተነሳ ሰው የለም። አርሞኒካ ሲነፋላት አብራ የምታላዝን ውሻ ያለችበትም ቦታ አለ፤ እሱ ፓሪስ ስቱዲዮ ውስጥ የተቀረጸ ነው። በሳቅ ሞቱ።

ፊልሙ የተለያየ ቅጂ አለው። የመጀመሪያው እ.ኤ.አ. የ1972 ነው። በ1974 የወጣው ላይ ቡድኑ አቢይ ሮድ ስቱዲዮ ሲሠራ የሚታይበት ተጨምሯል። በ2025 ታድሶ የወጣውን ካገኘሽ እሱን ያዢ፤ ድምፁን እንግሊዛዊው ሙዚቀኛ ስቲቨን ዊልሰን እንደገና ሚክስ አድርጎታል።

አሁን ወደ ዋናው። ስለ ፕሮጀክተር ብዙ አትጨነቂ፣ ነጭ አንሶላም ይበቃል። ገንዘብሽን ድምፅ ላይ አውጪ። የቴሌቪዥን ድምፅ ለዚህ አይሆንም። ቤዙ፣ ወፍራሙ ድምፅ ማለቴ ነው፣ ደረት ላይ ካልተሰማ ሮኩ የለም። ለሰርግ የሚከራየውን ትልልቅ ስፒከር ከነሚክሰሩ ተከራዪ።

መብራትስ? እነሱም ፖምፔ ሲደርሱ መብራቱ አልበቃ ብሏቸው ከከተማው ድረስ ረጅም ገመድ ስበው ነው የሠሩት። ቀረጻው በዚያ ምክንያት ዘግይቷል። የኛ ችግር ብቻ አይምሰልሽ። እኛ ጋ የጠፋው ልክ «ኤኮስ» የሚለው ሙዚቃቸው ሲጀምር ነው። ይሄ ሙዚቃ የሚጀምረው በአንዲት የፒያኖ ጠብታ ነው፤ ጠብ፣ ዝም፣ ደግሞ ጠብ። ጀነሬተሩን በሩ ሥር አስቀምጬው ስለነበር የሰማነው እሱን ብቻ ሆነ። አንቺ ከግቢ አውጪው፣ ገመዱን አስረዝሚው። ክረምት ላይም አታስቢው። በረዶ ቆርቆሮ ላይ ሲወርድ የትኛውም ስፒከር አያሸንፈውም።

ሌላው የአዳራሹ ባዶነት ነው። ግድግዳው ብሎኬት፣ ወለሉ ሊሾ ከሆነ ድምፁ እየተመላለሰ ይጋጫል፣ ከበሮው ሁለት ይሆንብሻል። ስንት ጊዜ ስፒከሩን ቦታ ብቀያይር አልተስተካከለም። በመጨረሻ አንድ የመንዝ ሰው ባና አምጥቶ ከኋላ ግድግዳ ላይ ሰቀለ። ያ ወፍራም የበግ ጠጉር ድምፁን ጠጣው። አራት ስንሰቅል ክፍሉ ሌላ ሆነ።

ባናውን ግን ካሁኑ ለምነሽ ያዢ። ኅዳር ከገባና ውርጩ ከጀመረ ባና የሚያውስሽ ጎረቤት አታገኚም።