ሱቁን እንግዛው ወይስ በኪራይ እንቀጥል?

ጥያቄ፦ እትዬ፣ ጤና ይስጥልኝ። እኔና ባለቤቴ ቱሉ ዲምቱ፣ ኮዬ ፈጬና ገላን ላይ ሦስት ሚኒ ማርኬት አለን። ሦስቱም ኪራይ ናቸው። የቱሉ ዲምቱው አከራይ ከ60 ሺህ ብር ወደ 95 ሺህ ጨምሩ ብሎናል። ውላችን ሐምሌ ላይ ያልቃል። ባለቤቴ «የአሜሪካኖቹ ትልልቅ ሱቆች፣ እነ ዋልማርት፣ ያደጉት በራሳቸው ቤት ነው፤ ያለንን አሟጠን፣ ከባንክም ተበድረን የኮንዶሚኒየም ንግድ ቤት እንግዛ» ይላል። እኔ ፈርቻለሁ። ምን ይመክሩናል?

መልስ፦ ልጄ፣ መፍራትሽ ልክ ነው። ባለቤትሽም ቢሆን ዝም ብሎ አልተናገረም። አሜሪካ ውስጥ ካሉት የዋልማርት መደብሮች አብዛኞቹ የራሱ ናቸው፤ ሌላው ትልቅ የሱቅ ሰንሰለት ኮስትኮም እንደዚያው ነው። የቀሩትን ይከራያሉ።

አንድ ነገር ግን ላጥራ። የእነሱን ዓመታዊ ሪፖርት ስታነቡ «ሊዝ» የሚለው ቃል አያደናግራችሁ። እዚያ ተራ ኪራይ ማለት ነው። እኛ ጋ ሊዝ ከመንግሥት የምንይዘው መሬት ነው። በ2004 ዓ.ም. የወጣው አዋጅ ቁጥር 721 ለንግድ ቦታ አዲስ አበባ ላይ 60 ዓመት፣ ሌሎች ከተሞች ላይ 70 ዓመት ነው ያስቀመጠው። ስለዚህ ቤት ስትገዙ መሬቱ በስንት ዓመት እንደተያዘና ስንት እንደቀረው ካርታው ላይ እዩ። ደላላ ይህን አይነግራችሁም።

አሁን ስለ ሲርስ ልንገርሽ። አሜሪካ ውስጥ ስመ ጥር የሱቅ ሰንሰለት ነበር፤ ቤትም ሞልቶታል። ገበያው ሲቀዘቅዝ፣ በአውሮፓውያኑ 2015፣ ከ230 በላይ ንብረቶቹን በ2.7 ቢሊዮን ዶላር ገደማ ሸጠና አብዛኞቹን መልሶ ተከራየ። በዚያው አቆጣጠር በ2018 መክሰሩን ለፍርድ ቤት አሳወቀ። ያ ሁሉ ቤት ደንበኛ አላመጣለትም። ሰው ሱቅ የሚገባው ዕቃ ፍለጋ ነው።

የእናንተም ነገር እዚህ ላይ ነው። ያላችሁን አሟጣችሁ ቤት ብትገዙ፣ ዘይቱንና ዱቄቱን በምን ታመጣላችሁ? ደንበኛ ሁለት ቀን መጥቶ ዘይት ካጣ፣ በሦስተኛው ቀን ማዶ ያለው ሱቅ ይገባል። የዕቃ መግዣችሁን አትንኩ።

ኪራይ ደህና ነው እያልኩሽ ግን አይደለም። እኔ ራሴ አያት ላይ ተቃጥዬበታለሁ። ባዶ ግድግዳ ተረክቤ ወለሉን ሴራሚክ አለበስኩ፣ ለፍሪጆቹ ብዬ ስሪ ፌዝ የመብራት ቆጣሪ አስገባሁ። ውሌ አንድ ገጽ፣ ዘመኑ ሁለት ዓመት ነበር። ሲያልቅ አከራዩ እጥፍ ጠየቀኝ፤ ለቀቅኩ። ሴራሚኩን ነቅዬ መውሰድ አልቻልኩም። ቆጣሪውም በእሱ ስም ነበር። የመጨረሻውን ፍሪጅ ስናወጣ ቀጣዩ ተከራይ ወለሉን በሜትር ይለካ ነበር። እስካሁን ይቆጨኛል።

ስለዚህ 95 ሺሁን ወዲያው እሺም እምቢም አትበሉ። ቢያንስ የአምስት ዓመት ውል ጠይቁ። ጭማሪው በየስንት ጊዜ፣ በመቶኛ ስንት እንደሆነ ይጻፍ። ያስገባችሁትን ነገር ስትለቁ ማን እንደሚወስደው ይጻፍ። አከራዩ ቤቱን ቢሸጥስ? እሱም ይጻፍ። ከዚያ ውልና ማስረጃ ሄዳችሁ አስመዝግቡት። ረጅም ውል ግን ዕዳም ነው፤ አይኤፍአርኤስ 16 የሚባለው ዓለም አቀፍ የሂሳብ አያያዝ ደረጃ ከአውሮፓውያኑ 2019 ጀምሮ ኪራይን በዕዳ መዝገብ ያስገባው በዚህ ምክንያት ነው። ገበያ ቢቀዘቅዝም ትከፍሉታላችሁ። ለዚህ «የሦስት ወር ማስታወቂያ ሰጥተን መልቀቅ እንችላለን» የምትል መስመር አስገቡ።

አንድ ቀን መግዛታችሁ ካልቀረ፣ እኔ ብሆን ከመጋዘን ነበር የምጀምረው። ሦስቱም ሱቆች የሚቀለቡት ከእሱ ነው። ደግሞ ውስጥ ለውስጥ መንገድ ላይ ቢሆንም ችግር የለውም፤ የጭነት መኪና ከገባ ይበቃል። ቀብድ ከመክፈላችሁ በፊት ግን የሚመለከተው የመሬት ጽሕፈት ቤት ሄዳችሁ ቦታው በፕላን መንገድ ይነካው እንደሆነ አጣሩ።

የገላኑ ሱቅ ውል መቼ እንደሚያልቅ አልጻፍሽልኝም። እሱም ሐምሌ ከሆነ፣ ሁለቱን አከራዮች በአንድ ሳምንት አታነጋግሩ። የቱሉ ዲምቱውን መጀመሪያ ጨርሱ።