መጀመሪያ ደመወዟን፣ ከዚያ ስግደቱን

ጥያቄ፦ መምህር፣ የቤት ሠራተኛዬ ሳትነግረኝ ስለወጣች የ3 ወር ደመወዟን አልሰጠኋትም። ስናዘዝ የንስሐ አባቴ «መጀመሪያ ገንዘቧን ስጪ» ብለው «ይፍታሽ» ሳይሉኝ ቀሩ። ጾምና ስግደት አይበቃም ወይ? ጓደኛዬ ደግሞ ይህን ያመጣው በቅኝ ግዛት ዘመን የነበረ ስፔናዊ ጳጳስ ነው አለችኝ።

መልስ፦ እኅቴ፣ ጓደኛሽ ባርቶሎሜ ዴ ላስ ካሳስን ማለቷ ይሆናል። ትምህርቱን ግን እሱ አላመጣውም፤ ዘኬዎስ አራት እጥፍ እመልሳለሁ ያለው ጌታ ቤቱ በገባ ዕለት ነው። ሰውየው የእኛ ቤተ ክርስቲያን አባት ባይሆንም ታሪኩ ለጥያቄሽ ይጠቅማል።

ላስ ካሳስ እ.ኤ.አ. በ1502 ዛሬ ሄይቲና ዶሚኒካን ሪፐብሊክ ወዳሉባት የካሪቢያን ደሴት፣ ወደ ሂስፓኒዮላ ተሻገረ። በዚያ ለስፔናዊ ሰፋሪ የአገሬው ሰዎች ተቆጥረው ይሰጡት ነበር፤ እነሱ ያርሱለታል፣ ወርቅ ያወጡለታል፤ እሱ ክርስትና ያስተምራቸዋል ተብሎ። (ስንቱ እንዳስተማረ እግዚአብሔር ይወቀው።) ላስ ካሳስ ቅስና ከተቀበለ በኋላም እነዚህን ሰዎች አልለቀቀም። በ1511 አንቶኒዮ ዴ ሞንቴሲኖስ የተባለ መነኩሴ በደሴቲቱ ከተማ በሳንቶ ዶሚንጎ «እነዚህ ሰዎች አይደሉምን? ነባቢት ነፍስ የላቸውምን?» ብሎ ሰፋሪዎቹን ገሠጸ። ዶሚኒካውያን ከተባለው የካቶሊክ መነኮሳት ማኅበር የሆነ አንድ መነኩሴም ላስ ካሳስን ራሱን፣ ለኑዛዜ ሲመጣ፣ በዚሁ ምክንያት መለሰው። እሱ ግን ተከራከረ እንጂ ከስሕተቱ አልተመለሰም።

በ1514 ኩባ ውስጥ ለበዓለ ጰራቅሊጦስ ስብከት ሲዘጋጅ መጽሐፈ ሲራክ ምዕራፍ 34ን አነበበ። ከድሃ ገንዘብ መሥዋዕት ማቅረብ ልጅን በአባቱ ፊት እንደ ማረድ ነው፤ የሠራተኛን ደመወዝ የሚከለክልም ደም አፍሳሽ ነው ይላል። ያኔ በእጁ የነበሩትን ሁሉ ለቀቀ። በኋላ በዛሬዋ ሜክሲኮ የምትገኘው የቺያፓስ ጳጳስ ሲሆን ካህናቱን ያዘዘው ይህንኑ ነው፦ የአገሬውን ሰው ጉልበት የበላ፣ የበላውን ሳይመልስ አይፈታ። በሞት አልጋ ላይ ያለው እንኳ ንብረቱ ለተበደሉት እንዲመለስ በጽሑፍ ማጽናት ነበረበት። ሰፋሪዎቹ ምን ያህል እንደጠሉት መገመት አያቅትሽም።

እሱም ንጹሕ አልነበረም። የአገሬው ሰው እንዲያርፍ ከአፍሪካ ባሪያ ይምጣ ብሎ ያሳሰበበት ጊዜ ነበር። በእርጅናው ተጸጽቶ፣ አለማወቁ በእግዚአብሔር ፍርድ ፊት እንደሚያድነው እርግጠኛ አለመሆኑን ጻፈ።

ልጅቱ ሳትነግርሽ መውጣቷ አስቀይሞሻል፤ ሦስቱን ወር ግን ሠርታልሻለች። ያመጣት ደላላ የት እንዳለች አያጣውምና ጠይቂው። ከዚያ ወደ ንስሐ አባትሽ ተመለሺ፤ የስግደቱን ቁጥር ያኔ ይነግሩሻል።