ተርብ ጁን ላይ ሥጋ፣ ሴፕቴምበር ላይ ለስላሳ የሚያሳድደው ለምንድን ነው?

እህቴ፣ «ሜሪላንድ ጓሯችን ጥብስ ስናወጣ ተርቦቹ ጁን ላይ ሥጋውን ቆርጠው ይሄዳሉ፣ ሴፕቴምበር ላይ ግን ለስላሳው ላይ ይሰፍራሉ። የሚበሉት ምንድን ነው? ጎጇቸውንስ ላጥፋው?» ብለሻል። እኔም እዚሁ ጎመን እየተከልኩ ዓመታት ስላየኋቸው የማውቀውን ልንገርሽ።

ሥጋውን የሚወስዱት ለራሳቸው አይደለም። ያደገ ተርብ ወገቡ በጣም ቀጭን ስለሆነ ጠጣር ምግብ አያልፍለትም። የሚኖረው በፈሳሽ ነው፦ የአበባ ወለላ፣ የበሰለ ፍሬ ጭማቂ፣ ክሽክሽ (የተክል ጭማቂ የሚመጠው ትንሹ ተባይ) ቅጠል ላይ የሚተወው ጣፋጭ ነገር። ሥጋው፣ ዝንቡና ትሉ የእጮቹ፣ ማለትም ጎጆ ውስጥ ያሉት ገና ያላደጉ ልጆቻቸው፣ ቀለብ ነው። ሠራተኞቹ አኝከው፣ አድቦልቡለው ያጎርሷቸዋል። እጮቹም በተራቸው ከአፋቸው ጣፋጭ ፈሳሽ ያወጡላቸዋል። አሳዳጊዋ ከምታሳድገው ልጅ ትመገባለች ማለት ነው! እኔን እስከ ዛሬ ይገርመኛል።

የሴፕቴምበሩም ነገር ከዚሁ ይመጣል። ሰመር ሲያልቅ እጮቹ ያንሳሉ፣ ያ ጣፋጭም ይቀራል። የሠራተኞቹ ቁጥር ደግሞ ያን ጊዜ ነው የሚበዛው። ስለዚህ ስኳር ፍለጋ ኮካው ላይ፣ ማንጎው ላይ፣ መሬት የወደቀው ፖም ላይ ይዘምታሉ። ውርጭ ሲመጣ ሠራተኞቹም አሮጌዋ ንግሥትም ይሞታሉ። ለሚቀጥለው ዓመት የሚተርፉት አዳዲሶቹ ንግሥቶች ብቻ ናቸው።

ጎጆውን በተመለከተ መጀመሪያ የትኛው ተርብ እንደሆነ እዪ። ገበታሽ ላይ የሚመጣው ብዙ ጊዜ የሎው ጃኬት የሚባለው ቢጫና ጥቁር ተርብ ነው፤ አብዛኛውን ጊዜ መሬት ውስጥ ይሠራል። ጣሪያ ጠርዝ ሥር ቀዳዳዎቹ የሚታዩ ትንሽ ጎጆ የሚያንጠለጥለው እግረ ረጅሙ ግን ሌላ ነው። እሱ ሥጋሽን አይፈልግም፣ ትል አዳኝ ነው። የእኔን ጎመን ቅጠል በቅጠል እየዞረ ትሉን ሲለቅም አየዋለሁ። እባክሽ እሱን ተይው! በር አጠገብ ከሆነ ወይም ቤት ውስጥ አለርጂ ያለበት ሰው ካለ ግን ባለሙያ ጥሪ፤ ራስሽ አትነካኪው።

ለየሎው ጃኬቱ የወደቀ ፍሬ ልቀሚ፣ ቆሻሻ መጣያውን ክደኚ። ለልጆቹ ደግሞ ለስላሳ በቆርቆሮው አትስጫቸው። ተርቡ ውስጥ ገብቶ አይታይም፣ አፍና ጉሮሮ ላይ ይነድፋል። ውስጡ በሚታይ ብርጭቆ ቅጂላቸው።